መልስ፦ ብርማ የሆነው መዳብ እሳት ሲነካው ለምን ይጠቁራል?

በዚንክ ተለብጦ ብር የመሰለውን መዳብ ወርቃማ ለማድረግ ስታሞቀው የሚጠቁረው ሙቀቱ በዝቶበት ነው። በዚንክ የለበጥከው መዳብ ወርቅ የሚመስለው ዚንኩ ከላዩ መዳብ ጋር ተቀላቅሎ ስስ የናስ (የመዳብና የዚንክ ቅይጥ) ንጣፍ ሲሠራ ነው። ከዚያ በኋላ ሙቀቱ ላይ ካቆየኸው ዚንኩ ወደ ውስጥ ይሰርጋል፣ ላዩ ተመልሶ ይቀላል፣ አየሩም ያጠቁረዋል።

1. ከለበጥክ በኋላ በውሃ እጠበው፣ የተጣበቀውን የዚንክ ዱቄት ጥረግና አድርቅ። የቀረ ዱቄት ግራጫ ነጥብ ሆኖ ይቀራል።
2. ነበልባሉን ተውና በኤሌክትሪክ ምድጃ ላይ አስቀምጠው። በነበልባል ጠርዙ ይቃጠላል፣ መሃሉ ገና ነጭ ነው።
3. በመቆንጠጫ እያገላበጥክ ዓይንህን አትንቀል። ቢጫው ብቅ ካለ በሰከንዶች ውስጥ ያልቃል፤ ወዲያው አንሳና ውሃ ውስጥ ንከር።

የጠቆረውን አትጣለው፤ በሆምጣጤና በጨው አጽድተህ እንደገና ልበጠው። ስትለብጥ መዳቡ ከዚንኩ ጋር መነካካት አለበት፣ በመለበጫው ፈሳሽ ውስጥ ዚንኩን ሳይነካ ብቻውን ከተቀመጠ አይለበጥም።

አንድ ነገር ግን፦ ዚንክ የጠረግክበትን ወረቀት ቆሻሻ መጣያ ውስጥ አትክተት። በተለይ የለበጥከው በሶዲየም ሃይድሮክሳይድ (ኮስቲክ ሶዳ) ከሆነ እርጥቡ ዱቄት ሲደርቅ ራሱን አግሎ ሊቀጣጠል ይችላል። በብዙ ውሃ እጠበውና ውሃ ውስጥ አቆየው።