ጣና ላይ ሦስት ቀን፦ ጥያቄዎቻችሁና መልሶቼ

ስለ ጣና የሦስት ቀን ጉዞ ከጻፍኩ ወዲህ የመልእክት ሳጥኔ ሞልቷል። ጉዞው ለማያውቀው እንዲህ ነው፦ ከባሕር ዳር በጀልባ ተነስቶ የመጀመሪያውን ቀን ዘጌ ባሕረ ገብ መሬት፣ ሁለተኛውን ደቅና ዳጋ ደሴቶች፣ ሦስተኛውን ሰሜን ዳርቻ ጎርጎራ ላይ ወርዶ በመኪና ወደ ጎንደር መዝለቅ። ደብዳቤዎቹን አሳጥሬያቸዋለሁ። የሁለቱን ስድብም አውጥቻለሁ።

ጥ፦ አንድ የአዲስ አበባ አንባቢ ጣና የደጋ ሐይቅ ነው መባሉን ሰምቶ፣ ለከፍታ ሕመም መድኃኒት ልያዝ ወይ ይላል።

መ፦ ወዳጄ፣ ጣና ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ነው። አንተ ያለኸው ከ2,300 በላይ ነው። የምትሄደው ቁልቁል ነው። ኮፍያ ያዝ።

ጥ፦ ጀልባው መጸዳጃ አለው?

መ፦ አብዛኞቹ የላቸውም። ቡናውን ስትደርሱ ጠጡ።

ጥ፦ ጀርመን የሚኖሩ አንድ ጋሼ ፔሩ ሄደው ቲቲካካ የሚባለውን ሐይቅ አይተው ተመልሰዋል። ኡሮስ የሚባሉት ሰዎች ቶቶራ በሚባል የሐይቅ ሸምበቆ በሠሩት ተንሳፋፊ ደሴት ላይ ሲኖሩ አይተው ተደንቀዋል። «እኛ እንዲህ ያለ ነገር የለንም» ብለው ያዝናሉ።

መ፦ ጋሼ፣ ተንሳፋፊ ደሴት የለንም። ደንገል የሚባል ሸምበቆ መሰል የሐይቅ ዳር ተክል ግን አለን። ከደንገል ታንኳ የሚሠሩ ሰዎችም አሉን። አንድ ታሪክ ልንገርዎት። ኖርዌጂያዊው ቶር ሄየርዳል የጥንት ሰዎች በደንገል መርከብ አትላንቲክን መሻገር ይችሉ ነበር ብሎ ተነሳ። ለ«ራ» መርከቡ የሚሆነውን ደንገል ያገኘው ከየት መሰለዎት? ከጣና። እ.ኤ.አ. በ1969 የቻድ ሐይቅ ሰዎች ሠሩለት፤ መርከቡ ሳይደርስ ውቅያኖስ ላይ ቀረ። በዓመቱ «ራ 2»ን እንደገና ከኢትዮጵያ በመጣ ደንገል አሠራ። የሠሩት ደግሞ ከዚያው ከእርስዎ ቲቲካካ የመጡ አይማራዎች ናቸው። ይኼኛው ከሞሮኮ ተነስቶ በ57 ቀን ባርቤዶስ ደረሰ። ሁለቱ ሐይቆች እኛ ሳናውቅ ተገናኝተዋል ማለት ነው። የከፍታ መድኃኒቱ ግን ለቲቲካካ ነው፤ እሱ 3,812 ሜትር ላይ ነው።

ጥ፦ አንዲት አንባቢ ተቆጥታለች። ከእህቷ ጋር ልትሄድ ነው። «ወንዶቹ ገዳም እስኪሳለሙ ጀልባ ላይ ተቀምጠን ፀሐይ ልንሞቅ ነው የምንከፍለው?» ትላለች።

መ፦ አስጎብኚሽ ሰነፍ ከሆነ፣ አዎ። ክብራን ገብርኤል፣ ዳጋ እስጢፋኖስና ጣና ቂርቆስ ሴት አይገባም። ይህ የገዳማቱ ሥርዓት ነው፤ በር ላይ ቆመሽ የምትለውጪው አይደለም። ግን ጉዞውን እናንተን አስቦ ማቀድ ይቻላል። ዘጌ ላይ ኡራ ኪዳነ ምሕረትና አዝዋ ማርያም ክፍት ናቸው። እንጦስ ኢየሱስ ከክብራን ጎን ነው፤ ወንዶቹ ክብራን ሲወርዱ ጀልባው እናንተን እንጦስ ማድረስ ይችላል። ደቅ ላይ ደግሞ ናርጋ ሥላሴ አለ። ያሠራችው እቴጌ ምንትዋብ ናት፣ በ18ኛው ክፍለ ዘመን። ግድግዳው ላይ ራሷ አለች፤ እመቤታችን እግር ሥር ተደፍታ። እሷን ሳታዩ እንዳትመለሱ። የደሴቶቹ ዝርዝር ከመክፈላችሁ በፊት በወረቀት ይሰጣችሁ።

ጥ፦ አሳ የጾም ነው?

መ፦ ይህን ወደ ንስሐ አባትዎ። እኔ የማውቀው ዓይነቱን ነው፦ ቀረሶ፣ አምባዛ፣ ነጭ አሳ። ነጭ አሳ የምንለው አንድ እንዳይመስልዎት፤ ከጣና በቀር በዓለም ላይ የትም የማይገኙ ወደ 15 የሚጠጉ ዝርያዎች አሉት። ምሳ ላይ ሁሉም «ጥብስ» ነው የሚባለው።

ጥ፦ አንድ ወጣት ከጀልባ ላይ ዘልሎ መዋኘት ይፈልጋል። ጓደኞቹ ቢልሃርዚያ አለ ብለውታል፤ እሱ «ወሬ ነው» ይላል።

መ፦ ወሬ አይደለም። ጣና ውስጥ ቢልሃርዚያ አለ። ትሉ የሚራባው ዳር ዳር ባለው ቀንድ አውጣ ውስጥ ነው፤ ከዚያ ወጥቶ በቆዳህ በኩል ይገባል። መዋጥ አያስፈልገውም። እግርህን ነክረህ መቀመጥህ ይበቃዋል። ወዲያው ምንም ላይሰማህ ይችላል፤ ሰው የሚሸወደውም ለዚህ ነው። ከገባህ፣ ወይም ገብተህ ከነበረ፣ ደህና ነኝ ብለህ እንዳትተወው። ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ቆይተህ ጤና ጣቢያ ሂድና «ጣና ገብቼ ነበር» በል። ምርመራው ቀላል ነው፣ መድኃኒቱም አለ። ጎረቤት የሰጠህን ኪኒን ግን አትዋጥ፤ ልኩ በክብደትህ ነው የሚሰላው። በዚህ ጉዳይ አልቀልድም። የአክስቴ ልጅ ዓመት ሙሉ ሆዴን ሲል ኖሮ ነው የተገኘበት።

ጥ፦ ባለቤቴ የሰባት ወር ነፍሰ ጡር ናት፣ ብንሄድስ? ወንድም ከአዳማ።

መ፦ የሦስቱን ቀን ጉዞ አልመክርም። ሐይቁ ዙሪያ ወባ አለ። ደሴት ላይ ሌሊት ምጥ ቢመጣ ከሆስፒታል የሚለያችሁ የሰዓታት የጀልባ መንገድ ነው። ሐኪሟን ሳትጠይቅ ቲኬት እንዳትቆርጥ። ሐኪሟ «ይቻላል» ካለ ባሕር ዳር ከተማ ውስጥ እደሩ፣ ጠዋት ለሁለት ሰዓት ያህል ብቻ ሐይቁ ላይ ወጥታችሁ ተመለሱ፣ አጎበር ይኑር። ሕፃኑ ሲያድግ ሦስቱን ቀን ትሄዳላችሁ።

ጥ፦ ጀልባ ስንት ነው?

መ፦ ዋጋ አልጽፍም፤ ዛሬ ብጽፍ ነገ ነዳጅ ይጨምርና ትሰድቡኛላችሁ። ጀልባውን በሰው ሳይሆን በሙሉው ተከራዩ። የየገዳሙ መግቢያ ለብቻው ነው። ላይፍ ጃኬቱን ከመክፈላችሁ በፊት እዩት፤ «አለ» የሚባለውና የሚታየው ይለያያሉ። ጠዋት በጊዜ ተነሱ፤ ከሰዓት ነፋሱ ይነሳና ማዕበሉ ያስተፋል። ለሚያስተፋው ፋርማሲ ጠይቁ።

ጥ፦ አሁን አስጎብኚነት የጀመረች ልጅ ናት። ፕሮግራሟ ላይ «የወይጦ መንደር፣ 20 ደቂቃ» ተብሎ ተጽፎ ተሰጥቷታል። እንግዶቹ ወርደው ፎቶ ያነሳሉ፣ ልጆች ይከባሉ፣ ብር ይበተናል፣ ይኬዳል። «ደስ አይለኝም፤ ግን ምን ላድርግ?» ትላለች።

መ፦ እህቴ፣ ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ያን 20 ደቂቃ አውቀዋለሁ። የኔም ነበር።

ልጅ ሳለሁ ሁለት ዓመት እንግዳ አስጎብኝቻለሁ። አንድ ቀን ስድስት ሰው ይዤ ሐይቁ ዳር ወዳለ መንደር ገባሁ። አንዲት እናት ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ትሰፋለች። ስድስቱም ካሜራ ወጣ። ቀና ብላ አላየችንም። እኔ በእንግሊዝኛ እለፈልፋለሁ፤ ጉማሬ አዳኞች ነበሩ፣ ምናምን። መርፌዋን ሳታቆም በአማርኛ «ስለኛ ምንድን ነው የምትነግራቸው?» አለችኝ። የድሮ ታሪካችሁን አልኳት። «ቤቴንስ ነገርካቸው?» አለች። ቤቷ ሸምበቆና ላስቲክ ነው። የቆመበት መሬት ወረቀት የለውም። ነገ ተነሱ ቢባሉ የሚነሱ ናቸው። አልነገርኳቸውም ነበር። ሰዓቴን አየሁና «እንሂድ» አልኩ።

እንግዶችሽ ፊት ከመቆምሽ በፊት ስሙን አስተካክዪ። ብቻውን «ወይጦ» የሚለውን እኛ ሰፈር ስድብ አድርገን ነው ያደግነው። እነሱ ራሳቸውን ነገደ ወይጦ ይላሉ። የጣና ጥንታዊ ነዋሪዎች ናቸው። የራሳቸው ቋንቋ ነበራቸው፣ ጠፋ፤ ዛሬ አፋቸውን የፈቱት በአማርኛ ነው። ሙስሊሞች ናቸው። ግን ጉማሬ በልተዋል፣ አምባዛ ይበላሉ ተብለው ክርስቲያኑም ሙስሊሙም ጎረቤት ሲሸሻቸው ኖሯል። አብሯቸው አይበላም፣ በጠጡበት አይጠጣም፣ አይጋባቸውም። የጉማሬ አደኑ አብቅቷል፤ መሸሹ ግን ጨርሶ አልቀረም። ታዲያ እኛ አስጎብኚዎች የምንጀምረው ከጉማሬው ነው። ሰው ያገለላቸውን ምክንያት በዶላር እንሸጠዋለን።

ሌላው የመሬቱ ነገር ነው። የኖሩት ከውኃው ነው፤ የሚታረስ መሬት አልነበራቸውም። ከተማው ሲሰፋ ዳርቻው ሌላ ባለቤት አገኘ። ደንገሉም በእርሻና በግንባታ እየተመናመነ ነው። ደንገል ከሌለ ታንኳ የለም።

አሁን ወደ ጥያቄሽ። ከዋዜማው ብቻሽን ሂጂ። ሽማግሌዎቹን ሰላም በዪ፣ እንግዳ ላመጣ ነው፣ ይሆናል ወይ ብለሽ ጠይቂ። አይሆንም ካሉ አይሆንም። እሺ ካሉ ግማሽ ቀን ያዢ። እንግዶችሽ ታንኳ ሲሠራ ከመጀመሪያው ይዩ። ደንገሉ ተቆርጦ ፀሐይ ላይ ይሰጣል። ከዚያ እስር እስሩ እየተጠፈረ ይጠብቃል፤ ባለሙያው እስሩን በጉልበቱ ተጭኖ ገመዱን ሲስበው እጁን እዩልኝ። አፍንጫው ወደ ላይ ይቀለበሳል። ቀዛፊው እንዳይርስ ውስጡ ሌላ የደንገል ንጣፍ ይገባል። ምስማር የሚባል የለም። ውኃ እየጠጣ ስለሚከብድ ሥራ ሲያበቃ ከሐይቁ ወጥቶ ይደርቃል፤ እንዲያም ሆኖ ዕድሜው በወራት የሚቆጠር ነው። በዚህ ነው ከዘጌ ባሕር ዳር ድረስ ማገዶ የሚጫነው። ይህን ያየ እንግዳ ጉማሬውን አይጠይቅሽም።

ክፍያው ለሠራው ሰው በእጁ ይሰጥ፤ በአንቺም በአለቃሽም በኩል አይዙር። ፎቶ ከጨዋታ በኋላ፣ በፈቃድ። ለልጆች ሳንቲም አይበተን፤ ያ ለዶሮ ነው። ስለ መሬቱ ከተጠየቅሽ እውነቱን ተናገሪ። ከዚያ ያለፈው የሕግ ሰው ጉዳይ ነው፤ አንቺ ቃል አትግቢላቸው።

አለቃሽ «ግማሽ ቀን አይቻልም» ካለ ከአንዱ የማስታወሻ ዕቃ ሱቅ ቀንሺ። እዚያ አንድ ሰዓት እንደሚቆም አውቃለሁ። ለምን እንደሚቆምም አውቃለሁ።

ጥ፦ እምቦጭ የሚባለው የውኃ አረም ሐይቁን ውጦታል ይባላል፤ የሚታይ ነገር ቀርቷል?

መ፦ ቀርቷል። እምቦጭ ከ2004 ዓ.ም. ጀምሮ አለ፤ የሚበረታው በሰሜን ምሥራቅ ዳርቻ ነው፣ በነፋስም ይንቀሳቀሳል። አበባው ሐምራዊ ነው፣ ያምራል። አንዷ እንግዳዬ ፀጉሯ ላይ ሰካችው። ጀልባ ነጂው ምንም ሳይል ነቅሎ እጁ ውስጥ ጨፈለቀው።

ጥ፦ ዘጌ ላይ ቡና ልግዛ?

መ፦ ግዙ። ዘጌ አይታረስም፤ ቡናው የሚበቅለው ጫካው ውስጥ ነው። አቡነ በትረ ማርያም በትራቸውን ተክለው ነው የበቀለው ይባላል።

ጥ፦ መንገዱ ሰላም ነው? ይህን ዘጠኝ ሰው ጠይቆኛል፤ አብዛኞቹ ከአሜሪካ።

መ፦ ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ በአማራ ክልል ያለውን ግጭት ሁላችሁም ታውቃላችሁ። እዚህ ቁጭ ብዬ «ሰላም ነው» ወይም «አትምጡ» ብል ውሸታም ነኝ፤ ከሳምንት ሳምንት ይለያያል። በምትጓዙበት ሳምንት እዚያው ለሚኖር ዘመድ ደውሉ። ለአስጎብኚ ድርጅት ብቻ አይደለም፤ እሱ ሊሸጥላችሁ ነው። የኤምባሲያችሁን ማሳሰቢያም አንብቡ። ጎርጎራንና የጎንደሩን መንገድ በተለይ ለይታችሁ ጠይቁ። ዘመድ «ቆይ» ካለ ቆዩ። ቀብድ ስትከፍሉ «ካልተቻለ ይመለሳል» የሚል ይጻፍበት።

ጥ፦ የመጨረሻው ከሪያድ ነው። እህታችን ባሕር ዳር ላይ ትንሽዬ የደንገል ታንኳ ገዝታ ሄዳለች። አሁን ጠርዙ እየሻገተ ነው፤ ምን ላድርግ ትላለች።

መ፦ የት ነው ያስቀመጥሽው? ደብዳቤሽ መጨረሻ ላይ አየሁት፤ መታጠቢያ ቤት መስኮት ላይ። አውጪው። በደረቅ ብሩሽ ጥረጊውና በረንዳ ላይ አፍንጫውን ወደ ላይ አድርገሽ አቁሚው።