ክሩ የት ሄደ? ስለ ማሽን ለልጆች ለምትጽፉና ለምትሥሉ ወጣቶች

ይድረስ የማሽንን አሠራር ለልጆች በመጽሐፍ ለማስረዳት ለተነሣችሁ ወጣቶች፤

የሥራ ዘመኔን ያሳለፍኩት ማሽን በመፍታትና በመግጠም፣ ኋላም የፈታሁትን ለሌላ በማስረዳት ነው። ዛሬ ጡረታ ላይ ሆኜ ረቂቆቻችሁን ስታሳዩኝ ደስታዬ ትልቅ ነው። አንድ ነገር ግን ደጋግሞ ያሳስበኛል። ገጹ ላይ የሚያምር ሞተር ተሥሏል። ከየክፍሉ ቀጭን መስመር ወጥቶ ስም ተጽፎበታል፤ ይህ ፒስተን፣ ይህ ቫልቭ፣ ይህ ሞላ። ልጁ ገጹን ሲገልጥ አሥር አዲስ ስም ይዞ ይሄዳል። ፒስተኑን ምን እንደሚገፋው፣ ፒስተኑስ በተራው ምንን እንደሚገፋ ግን አልተነገረውም። ስም ማወቅ ጥሩ ነው፣ አልጠላውም፤ ነገር ግን ስም ማሽኑን አያንቀሳቅሰውም።

ስለዚህ የምለምናችሁ ይህንን ነው። አንድ እንቅስቃሴ ያዙ። ከጀመረበት ተነሥታችሁ እስከሚያበቃበት ድረስ አንድም መጋጠሚያ ሳትዘሉ ተከተሉት። እግር ፔዳሉን ረገጠ፤ ፔዳሉ ባለጥርሱን ክብ አዞረ፤ የክቡ ጥርሶች ካቴናውን ጎተቱ፤ ካቴናው የኋላውን ትንሽ ክብ አዞረ፤ ትንሹ ክብ ጎማውን ይዞ ዞረ። የፊተኛው ክብ 44 ጥርስ፣ የኋላው 22 ጥርስ ካለው፣ ፔዳሉ አንድ ጊዜ ሲዞር ጎማው ሁለት ጊዜ እንደሚዞር ልጁ ራሱ ይደርስበታል። ጥርሶቹን በሥዕሉ ላይ በትክክል ቁጠሩለት እንጂ መልሱን አትንገሩት።

ብስክሌትማ ማን አያውቅም ትሉኝ ይሆናል። የሊቨርፑል ዩኒቨርሲቲዋ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ሪቤካ ሎውሰን እ.ኤ.አ. በ2006 (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ባሳተሙት ጥናት ሰዎች ብስክሌት እንዲሥሉ፣ ከቀረቡላቸው ሥዕሎችም ትክክለኛውን እንዲመርጡ ጠይቀው ነበር። ካቴናውን በፊትና በኋላ ጎማዎች ላይ የጠመጠሙ ነበሩ። ሁለቱን ጎማዎች በአንድ ብረት ያያያዙም ነበሩ፤ እንዲህ ያለ ብስክሌት መታጠፍ አይችልም። ከዚያ አስቀድሞ በ2002 የየል ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎቹ ሊዮኒድ ሮዘንብሊትና ፍራንክ ኪል ሰዎችን እንደ ዚፕ ያሉ የዘወትር ዕቃዎች እንዴት እንደሚሠሩ ምን ያህል እንደሚያውቁ ጠየቁ። ቀጥሎም አሠራሩን ደረጃ በደረጃ እንዲጽፉ አደረጉ። ከጻፉ በኋላ እንደገና ሲጠየቁ ለዕውቀታቸው የሰጡት ግምት ዝቅ አለ። ዕቃውን በየቀኑ መንካታችን የምናውቀው ያስመስለናል ማለት ነው።

የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር ከመጻፋችሁ በፊት እንግዲህ እርሳስ አንሡና ማሽኑን ሳታዩ ሥሉት። እጃችሁ የሚቆምበት ቦታ አለ፤ ያንን ምልክት አድርጉበት። ከዚያ ካቻቢቴ ይዛችሁ ወደ ማሽኑ ሂዱ። ፎቶግራፍ ማንሣት በቂ አይደለም። ፎቶግራፍ ያልገባንንም ነገር አብሮ ያነሣልናል፤ እርሳስ ግን ያልገባንን አይሥልልንም።

ከሁሉ የምወደውን ምሳሌ በሰፊው ላንሣ፤ የልብስ ስፌት መኪና። በእጅ ስንሰፋ መርፌዋ ጨርቁን በስታ በወዲያኛው ወገን ሙሉ በሙሉ ትወጣለች፤ ክሩም እስከ ጫፉ ይከተላታል። የመኪናው መርፌ ግን ከላይ ታስራለች። ትወርዳለች፣ በመጣችበት ትመለሳለች። የላይኛው ክር አንድ ወገኑ ከተሰፋው ጨርቅ፣ ሌላው ወገኑ ከጥቅሉ ጋር ነው። የታችኛውም እንዲሁ ቦቢን የሚባል ትንሽ የክር መጠቅለያ ላይ ተጠምጥሟል። ታዲያ ነጻ ጫፍ የሌላቸው ሁለት ክሮች እንዴት ይቆላለፋሉ? ይህን የሚጠይቅ ልጅ በርካታ ነው። ብዙ መጻሕፍት ግን «መርፌዋ ክሩን ወደ ታች ትወስደዋለች፣ ከታችኛውም ክር ጋር ይያያዛል» ብለው ያልፋሉ። ልጁ የጠየቀው እኮ «እንዴት ይያያዛል?» ብሎ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የመርፌዋ ቀዳዳ ያለው ከላይ ሳይሆን ሹል ጫፏ አጠገብ ነው። ኤልያስ ሃው በ1846 በአሜሪካ የፈጠራ መብት ያገኘበት የሁለት ክር መኪናም ይህችን መርፌ ይዞ ነበር። መርፌዋ ክሩን ይዛ ጨርቁን ትበሳና ታች ትደርሳለች። ተመልሳ ትንሽ ከፍ ስትል ክሩን ጨርቁ ስለሚይዘው አብሯት አይወጣም፤ ከጎኗ ላላ ይልና ትንሽ ቀለበት ይሠራል። ልክ በዚያች ቅጽበት ከታች የሚዞረው መንጠቆ ሹል ጫፉን ቀለበቷ ውስጥ ያስገባል። ይጎትታታል፣ ያሰፋታል፣ በቦቢኑ ዙሪያ አሳልፎም በሌላው ወገን ይለቃታል። እነሆ፣ ቦቢኑ ከነክሩ በቀለበቷ ውስጥ አለፈ! የታችኛው ክር ጫፍ አላስፈለገም፤ ጥቅሉ ራሱ ነው ያለፈው። ወዲያው ከላይ ያለው ክር ሳቢ ዘንግ ትርፉን ክር ወደ ላይ ይመልሰዋል፣ ሁለቱ ክሮች የተቆላለፉበትም ቦታ ወደ ጨርቁ መሐል ይገባል። መርፌዋ ከጨርቁ ከወጣች በኋላ ከሥር ያሉት ጥርሶች ጨርቁን አንድ እርምጃ ይገፉታል።

አስተዋይ ልጅ እዚህም ላይ አይለቃችሁም። «ቀለበቷ በቦቢኑ ዙሪያ ስታልፍ ቦቢኑን የያዘው ብረት አያግዳትም?» ይላል። ይህ ጥያቄ ሲመጣ ደስ ይበላችሁ፤ መጽሐፋችሁ ሥራውን ሠርቷል። መልሱም ያምራል። የቦቢኑ ማቀፊያ እንደ መንኮራኩር በዘንግ የተሰቀለ አይደለም። መንጠቆው ውስጥ ላላ ብሎ ተቀምጧል፤ ከመንጠቆው ጋር አብሮ እንዳይዞር አንዲት ማገጃ ትይዘዋለች፣ በማገጃዋና በማቀፊያው መካከልም ክር ሾልኮ የሚያልፍበት ክፍተት ተትቷል። ያችን ክፍተት አጉልቶ የሚያሳይ ሥዕል በመጽሐፉ ውስጥ ካለ፣ ሌሎቹ ሥዕሎች በጥቁርና ነጭ ቢሆኑም አይቆጨኝም።

ለሠዓሊዎቻችሁ ደግሞ ይህን ልበል። ይህንን ሁሉ በአንድ ሥዕል ለማሳየት አትሞክሩ። አምስት ስድስት ሥዕል በተርታ አድርጉ፤ ሁሉም ከአንድ አቅጣጫ የታዩ ይሁኑ። የእይታውን ማዕዘን በየሥዕሉ የሚቀያይር ሠዓሊ ገጹን ያሳምራል፣ ልጁ ግን የቱ ክፍል እንደተንቀሳቀሰ ይጠፋበታል። የላይኛው ክር ቀይ ከሆነ እስከ መጨረሻው ቀይ ይሁን። ቀስት የምታደርጉት በሚንቀሳቀሰው ነገር ላይ ብቻ ይሁን፤ ስም ለማመልከት መስመር ይበቃል።

እንዲህ ያለው ጥንቃቄ የእኛ ዘመን ፈጠራ አይደለም። የመካከለኛው ዘመን መሣሪያ ሠሪ አል ጀዘሪ በ1206 ባጠናቀቀው የረቀቁ መሣሪያዎች መጽሐፉ 50 መሣሪያዎችን ሲገልጽ ክፍሎቹን በሥዕሉ ላይ በፊደል እየለየ፣ መጠናቸውንና አገጣጠማቸውን በቅደም ተከተል እየነገረ ነበር። የጻፈው ከእሱ በኋላ የሚመጣ ባለሙያ አንብቦ እንዲሠራው ነው። በእኔ አስተያየት ለልጅ የሚጻፍም በዚህ ሐሳብ መጻፍ አለበት፤ ልጁ ባይሠራውም እንኳ ሊሠራው እንደሚችል ሰው ተቆጥሮ ይነገረው።

አሁን ወደሚከብደኝ ጉዳይ ልምጣ። ለልጅ ማቅለል ግዴታ ነው። የተሳሳተ ነገር መንገር ግን ማቅለል አይደለም። «ፍሪጅ ቅዝቃዜ ይሠራል» ብላችሁ አትጻፉ። ፍሪጅ የሚሠራው ሙቀትን ከውስጥ ወደ ውጭ የማጋዝ ሥራ ነው። በቧንቧው ውስጥ ያለው ፈሳሽ ውስጥ ሲደርስ እየተነነ ሙቀት ይወስዳል፤ ኮምፕረሰሩ ተኑን ይጨምቀዋል፤ ውጭ ባለው ቧንቧ ውስጥ ተመልሶ ፈሳሽ ሲሆን ያንን ሙቀት ይለቃል። ይህ በትክክል የተነገረው ልጅ፣ በሩ በተዘጋ ክፍል ውስጥ ፍሪጁን ከፍተን ብንተወው ክፍሉ እንደሚሞቅ ራሱ አስቦ ሊደርስበት ይችላል። «ቅዝቃዜ ይሠራል» የተባለው ግን ክፍሉ ይቀዘቅዛል ብሎ ይምላል።

«ፓምፕ ውሃ ይስባል» የሚለውም እንዲሁ ነው። ፒስተኑ ከፍ ሲል ከሥሩ ያለው ግፊት ይቀንሳል፤ ውሃውን ወደ ላይ የሚገፋው ጉድጓዱ ውስጥ ባለው ውሃ ላይ የሚጫነው አየር ነው። ጣሊያናዊው ሳይንቲስት ቶሪቼሊ በ1644 በጻፈው ደብዳቤ የምንኖረው በአየር ባሕር ወለል ላይ ነው ያለው ይህንን ተረድቶ ነው። አየሩ ውሃን ሊያነሣ የሚችለው እስከ 10 ሜትር ገደማ ብቻ ስለሆነ፣ ጥልቅ ጉድጓድ ላይ ፓምፑ ከታች ገብቶ ወደ ላይ መግፋት አለበት። «ይስባል» ብላችሁ የነገራችሁት ልጅ ግን ጠንካራ ሞተር ከላይ ከተገጠመ ከ30 ሜትርም ይሳባል ብሎ ቢያስብ ጥፋቱ የእሱ አይደለም። ሞተር «ይርበዋል»፣ ኮምፒውተር «ይደክመዋል» የሚሉትንም ብትተዉአቸው እመርጣለሁ። ልጆች ማሽንን የሚወዱት ሰው ስለሚመስል አይደለም።

ይህን ያህል የምጨነቀው መጽሐፉ እናንተ በማታዩት ቦታ ብቻውን ስለሚያስተምር ነው። ማይክል ፋራዴይ በ14 ዓመቱ መጽሐፍ ጠራዥ ዘንድ ተለማማጅ ሆኖ ገባ፤ ለጥረዛ ከሚመጡት መጻሕፍት መካከልም ጄን ማርሴት ስለ ኬሚስትሪ ለጀማሪዎች የጻፉትን አነበበ። ዝም ብሎ አላመነም፤ በእጁ ባለው ጥቂት ዕቃ እየሞከረ መጽሐፉ እውነት መናገሩን እንዳረጋገጠ ኋላ በደብዳቤ ጽፏል። ይህ ልጅ ነው በ1831 ማግኔትን በማንቀሳቀስ ኤሌክትሪክ ማመንጨት እንደሚቻል ያሳየው። ያ መጽሐፍ ለማማር ብሎ ሐሰት ቢጨምርበት ኖሮ የልጁ ሙከራ ያጋልጠው ነበር።

በእኛ ዘመን ደግሞ የማላዊውን ዊሊያም ካምክዋምባን አስቡ። በ2002 የትምህርት ቤት ክፍያ ቢያጣ ከትምህርት ቀርቶ ወደ አካባቢው ቤተ መጻሕፍት መሄድ ጀመረ። እዚያ ስለ ኃይል የሚያስተምር መጽሐፍ አገኘ፤ ሽፋኑ ላይ የነፋስ ተርባይኖች ነበሩ። እንግሊዝኛው ስለሚከብደው የተማመነው በሥዕሎቹ ላይ ነበር። ከብስክሌት አካል፣ ከትራክተር ማራገቢያና በእሳት ከተዘረጋ የፕላስቲክ ቧንቧ የነፋስ ኃይል ማመንጫ ሠርቶ አምፖል አበራ። ያን ሥዕል የሣለው ሰው ማን እንደሚያየው አያውቅም ነበር። ቀስቱን በተቃራኒ አቅጣጫ አድርጎት ቢሆንስ?

ስለ ስልክና ስለ ኮምፒውተር ለመጻፍ የሚጓጉም አሉ። የሚንቀሳቀስ ክፍል በዓይን ስለማይታይ አስቸጋሪ ነው፤ ሁሉንም በአንድ መጽሐፍ ለመጨረስ አትቸኩሉ። የስልኩን ድምፅ ማጉያ ብቻ ውሰዱ። በማግኔት አጠገብ የተጠመጠመ ሽቦ አለ፤ በሽቦው ውስጥ የሚያልፈው ኤሌክትሪክ ሲለዋወጥ ሽቦው ወዲያና ወዲህ ይላል፣ ከእሱ ጋር የተጣበቀው ስስ ሽፋንም አየሩን ይገፋል። ልጁ ትልቅ ድምፅ ማጉያ ላይ ጣቱን አሳርፎ ሊሰማው ይችላል። አንድ መጽሐፍ ለዚህ ብቻ ቢሆን አይበዛም።

አደጋን በሚመለከት አንድ ቃል ልጨምር። «አትንካ» ብቻ ብሎ ማለፍ ልጅን አይጠብቅም፤ ምክንያቱን ጻፉለት። ማይክሮዌቭ ከሶኬት ከተነቀለ በኋላም ውስጡ ያለው ካፓሲተር ገዳይ ኤሌክትሪክ ይዞ ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ ልጅ የሚፈታው ማሽን በእጅ የሚዞር ወይም ሞላ የሌለው ቀላል ዕቃ ይሁን፣ አዋቂም አብሮት ይቀመጥ። የታመቀ ሞላ ሲለቀቅ ዓይን ሊያጠፋ እንደሚችል በዚያው ገጽ ላይ ንገሩት።

ረቂቁ ሲያልቅ ወደ እኔ ከመላካችሁ በፊት ለልጆች ስጡት። ጽሑፉን በወረቀት ሸፍኑና በሥዕሉ ብቻ ማሽኑ እንዴት እንደሚሠራ ይንገሯችሁ። ስታዳምጡ አታርሟቸው፣ አትርዷቸውም። ቀጥሎ አንዱን ክፍል በጣታችሁ ሸፍናችሁ «ይህ ባይኖር ምን ይሆናል?» ብላችሁ ጠይቁ። የስፌት መኪናው ሥዕል ላይ መንጠቆውን ስትሸፍኑ «ክሩ ወርዶ ባዶውን ይመለሳል» ካሏችሁ ገጹ ደርሷል። ዝም ካሉ፣ ወይም እናንተን አይተው መልሱን መገመት ከጀመሩ፣ የትኛው ሥዕል ላይ እንደቆሙ ጻፉና ረቂቁን ከዚያ ሥዕል ጋር ላኩልኝ፤ አብረን እንፈታዋለን።