ካሳው አነሰ፤ ይግባኙን የት ልበል?

ለተሰበረው እግርዎ የወረዳው ፍርድ ቤት የወሰነው ካሳ ስላነሰብዎት ከደጀን ወዴት እንደሚሄዱ ጠይቀዋል። ደብረ ማርቆስ፣ የምሥራቅ ጎጃም ዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ጊዜው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 60 ቀን ነው፤ ስለዚህ ነገ ጠዋት ወረዳው ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ሄደው የፍርዱን ግልባጭ ይጠይቁ። ከይግባኝ ማመልከቻው ጋር መያያዝ አለበት።

«አነሰኝ» ማለት ብቻ አይበቃም። ፍርድ ቤቱ የዘለለውን በቁጥር ያሳዩ፦ ያቀረቡትን የመድኃኒት ደረሰኝ፣ የሕክምና ቦርዱ የጻፈውን የጉዳት መቶኛ፣ ወደፊት የሚያጡትን ገቢ። ከእንግዲህ እርፍ መጨበጥ ካልቻሉ፣ ጤፉን ለሚያርስልዎት ሰው የሚከፍሉትም ጉዳት ነው። በኅሊና ካሳ፣ ማለትም ለመንፈስ ጉዳት በሚከፈለው፣ ላይ ግን አይድከሙ፤ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ጣሪያውን 1,000 ብር ላይ ዘግቶታል። ይህ ሁልጊዜ ያንገበግበኛል።

አንድ ነገር ልለምንዎት። ወንድሜ ዓባይ በረሃ ላይ ተጎድቶ ካሳውን ሲቀበል የኢንሹራንሱን ወረቀት ሳያነብ ፈረመ። ከግርጌው በደቃቅ ጽሑፍ «ከእንግዲህ የምጠይቀው የለም» ይል ነበር፤ ይግባኙ በዚያች መስመር ቀረ። እርስዎ ከመፈረምዎ በፊት እስከ መጨረሻው ያስነብቡ፤ «ይግባኝ የማለት መብቴ እንደተጠበቀ ሆኖ» የሚል ቃልም በእጅዎ ይጨምሩበት።