ማን? የት? – ማይክ ለሚመኙ ወጣት ተጫዋቾች

ልጆቼ፣

ባለፈው ሳምንት በማለዳ እዚህ ሐዋሳ ሐይቁ ዳር በእግሬ ስሄድ ሁለት የታዳጊ ቡድን ልጆች አስቆሙኝ። አንደኛው ታኬታውን በክሩ አንገቱ ላይ አንጠልጥሏል። «ጋሼ፣ ኳስ ስናቆም እንደ እርስዎ ሬዲዮ ላይ መሥራት እንፈልጋለን፤ ምን እናድርግ?» አለኝ። መንገድ ላይ ቆሜ የመለስኩለት ነገር አላረካኝም፤ ቤት ገብቼም ሲከነክነኝ ዋለ። ይህን የምጽፈው ለሁለቱና ለእኩዮቻቸው ነው።

ልጁ «ስናቆም» ያለው ቃል ላይ ልቁም። ኳስ ማቆሚያችሁን ቀን እናንተ የምትመርጡት ከመሰላችሁ ተሳስታችኋል። እኔ ያቆምኩት በ1993 ነው። ዝናብ በመታው ሜዳ ላይ ተጋጣሚዬን ተከትዬ ልዞር ስል ታኬታዬ ጭቃው ውስጥ ተያዘ፤ ጉልበቴ ግን ዞረ። ድምፁን ሰማሁት። ዕድሜዬ 29 ነበር። የተበጠሰ የጉልበት ጅማት ዛሬ በቀዶ ሕክምና ተጠግኖ፣ ከብዙ ወራት ማገገሚያ በኋላ ወደ ሜዳ መመለስ ይቻላል። ለእኔ ያን ጊዜ ይህ ዕድል አልነበረም። የምጫወትበት ክለብ ሁለት ወር ደመወዝ ከፈለኝ፤ ከዚያ «እግዜር ይማርህ» ተባልኩ። ውሉን አውጥቼ ያነበብኩት ያኔ ገና ነው፤ ስለ ጉዳት የሚናገር አንድ መስመር አለው፣ እሷም ለእኔ የተጻፈች አይደለችም። ስለዚህ ስትፈርሙ የፊርማውን ገንዘብ ብቻ አትዩ። ስትጎዱ ማን ያሳክማችኋል? ደመወዙ እስከ መቼ ይከፈላል? ካልገባችሁ የሚገባውን ሰው ይዛችሁ ሂዱ፤ ቅጂውንም ቤታችሁ አስቀምጡ።

ሁለት ዓመት ያህል ሥራ ፈትቼ ከተቀመጥኩ በኋላ ሬዲዮ ላይ የሚሠራ አንድ ወዳጄ ጠራኝ። ስሜ ገና አልተረሳም ነበርና «ጨዋታውን አብረህ አስተላልፍ» አለኝ። አሥር ዓመት የተጫወትኩትን ኳስ መናገር ምን ያቅተኛል ብዬ ሄድኩ። ማይኩ ሲሰጠኝ ድምፄን ከፍ አደረግሁ፦ «ተመልከቱ! ተመልከቱ! እንዴት ያለ ኳስ ነው! አገኘው፣ አለፈው፣ ወይኔ!» አጠገቤ የተቀመጡት የድምፅ ቴክኒሺያን ዕድሜያቸው የገፋ፣ ብዙ የማይናገሩ ሰው ነበሩ። ማዳመጫቸውን ከአንድ ጆሯቸው ዝቅ አድርገው ከሲጋራ ፓኮ ላይ ቁራጭ ወረቀት ቀደዱና ሁለት ቃል ጽፈው ፊቴ አኖሩት፦ «ማን? የት?»

ያቺ ወረቀት ዛሬም ደብተሬ ውስጥ አለች።

የተጫወተ ሰው ሁሉ የሚወድቅበት ጉድጓድ ይህ ነው። ሜዳ ውስጥ ስንጫወት ለማንም ምንም መግለጽ አያስፈልገንም፤ ጓደኛችን ያየናል፣ አሠልጣኙ ያየናል፣ ሕዝቡ ያየናል። እናም ያላየ ሰው መኖሩን እንረሳለን። የሬዲዮ አድማጭ ግን አቶቴ ሰፈር ሱቁ ውስጥ ሸቀጥ የሚመዝን ነው፤ ከይርጋለም መልስ አይሱዙ የሚነዳ ነው፤ ማታ በር ላይ ካፖርት ለብሶ የቆመ ዘበኛ ነው። ለእነዚህ ሰዎች «ተመልከቱ» ማለት ሳህኑን ሳያቀርቡ «ብሉ» እንደ ማለት ነው። ኳሱ ማን ጋር ነው? በቀኝ ነው በግራ? መሐል ሜዳውን አልፏል? ከጥላ ፎቅ በስተግራ ወዳለው ጎል ነው የሚያጠቁት ወይስ ወዲያኛው? «የግራ መስመር ተከላካዩ ከራሱ ሜዳ ይዞ ወጣ፣ መሐል መስመሩን አለፈ፣ ወደ ውስጥ አሻገረ፣ በረኛው በቡጢ መለሰው» ስትሉ ዘበኛው በራሱ ዓይን አየ ማለት ነው።

ውጤቱንም እንዲሁ። አንድ ቀን ከፒያሳ ባጃጅ ይዤ ስሄድ ሹፌሩ ፊቴን ሳይሆን ድምፄን አወቀው። «ጋሼ፣ ቅር አይበልዎት» አለኝ፣ «ሰው ሳወርድ ሰው ስጭን ግማሹ ያመልጠኛል። ትናንት ሃያ ደቂቃ ሙሉ ሰማሁዎት፤ ስንት ለስንት እንደሆኑ ግን አልነገሩኝም።» ልጁ እውነቱን ነበር። አድማጭ ከጨዋታው መጀመሪያ እስከ መጨረሻ አብሮን አይቆይም፤ ይገባል፣ ይወጣል። ከዚያ ወዲህ ማይክ ፊት ስቀመጥ ሠላሳ ጥሬ ቡና በግራዬ እደረድራለሁ። በየሦስት ደቂቃው አንዷን ወደ ቀኝ አሳልፋለሁ፤ ውጤቱንና ደቂቃውን ሳልናገር ግን አላሳልፋትም። ለዘጠና ደቂቃ ሠላሳ ፍሬ። እናንተ በስልካችሁ ማንቂያ ልታደርጉት ትችላላችሁ፤ እኔ ቡናዬን ለምጃለሁ።

ይህን ሙያ ማን አስተማረህ ብትሉኝ ከቴክኒሺያኑ ሌላ የምጠራው ጨዋታ በሬዲዮ ያስተላልፍ የነበረውን ደምሴ ዳምጤን ነው። በ1980 የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ አገሮች በሚጫወቱበት የሴካፋ ዋንጫ ፍጻሜ አዲስ አበባ ላይ ከዚምባብዌ ጋር አንድ ለአንድ ወጥተን በፍጹም ቅጣት ምት ስናሸንፍ እኔ የ16 ዓመት ልጅ ነበርኩ። እዚሁ ሐዋሳ፣ ሬዲዮ ካለው ጎረቤት ግቢ ከሰፈሩ ሰው ጋር ተኮልኩለን ከእሱ አንደበት ሰማን። ስታዲየሙን በዓይኔ አላየሁትም። ሆኖም ሰው ያንን ቀን ሲያነሳ ልክ እዚያ እንደነበርኩ ሆኖ ነው የሚታየኝ። በቃል ሰውን ከሐዋሳ አዲስ አበባ ማድረስ እንደሚቻል ያወቅሁት ያኔ ነው።

ከውጭ ምሳሌ ለምትሹ ደግሞ እንግሊዛዊው ጋሪ ሊነከር አለ። እ.ኤ.አ. በ1986 የዓለም ዋንጫ በ6 ጎል ኮከብ ግብ አግቢ ሆነ፤ ለሀገሩ በ80 ጨዋታ 48 አገባ፤ በተጫዋችነት ዘመኑ ሁሉ ቢጫ ካርድ እንኳ አላየም። ኳስ ያቆመው በ1994 ጃፓን ነው። በቢቢሲ የታወቀውን የቅዳሜ ምሽት የእግር ኳስ ዝግጅት መምራት የጀመረው ግን በ1999 ነው፤ ከዚያም እስከ 2025 መራው። በመሐል ያሉትን አምስት ዓመታት ልብ በሉልኝ። ያን ሁሉ ጎል ያገባ ሰው ተንታኝ ሆኖ ከሌላ አቅራቢ ጎን እየተቀመጠ ነው ሙያውን የተማረው። ባርሴሎና ሲጫወትም ስፓኒሽ ተምሯል። እናንተም ገና ስትጫወቱ ቋንቋ ያዙ። በእኛ ከተማ አማርኛና ሲዳምኛ የሚናገር ልጅ ሁለት ሕዝብ ያዳምጠዋል፤ እንግሊዝኛ ሲጨመርበት የውጭውን ዘገባ ራሱ ያነባል።

ሕጉንም አንብቡ። የጨዋታው ሕግ 17 ብቻ ነው፤ በአንድ ቀን ያልቃል። እኔ ግን አሥር ዓመት ከዳኛ ጋር ስጨቃጨቅ ኖሬ መጀመሪያ ያነበብኩት ሬዲዮ ከገባሁ በኋላ ነው። ከእጅ ውርወራ በቀጥታ በሚመጣ ኳስ ከጨዋታ ውጪ እንደሌለ አውቅ ነበር፤ ከመልስ ምትም እንደሌለ ግን አላውቅም ነበር። ስንቱን ረዳት ዳኛ በከንቱ ተቆጥቻለሁ!

ስሜታችሁን ግደሉት አልልም። ሐዋሳ ከነማ በ1996 የፕሪሚየር ሊጉን ዋንጫ ከአዲስ አበባ ክለቦች ነጥቆ ሲያመጣ ማልያ ሳይሆን ማይክ ይዤ ነበር፤ ጉሮሮዬ ተዘግቶ ለጥቂት ሰከንድ መናገር አቅቶኛል። በጥር 2005 ከ31 ዓመት በኋላ ለአፍሪካ ዋንጫ በቅተን፣ ደቡብ አፍሪካ ላይ በ10 ተጫዋች የዋንጫውን ባለቤት ዛምቢያን ስንይዝ፣ የከተማችን ልጅ አዳነ ግርማ አቻ የምታደርገንን ጎል ሲያገባ ስቱዲዮ ውስጥ ብድግ ብዬ ጮኬአለሁ። የጮህኩት ግን ስሙን ከተናገርኩ በኋላ ነው።

አሁን ለመጻፍ የሚከብደኝን ልንገራችሁ። አንድ ጊዜ አንድ ወጣት ተከላካይ ኳስ ወደ ኋላ ሊያቀብል ሲል አሳጥሮት ጎል ገባ። እኔም በቀጥታ ስርጭት ስሙን ጠርቼ «ይህ ልጅ ለዚህ ሊግ አይመጥንም» አልኩ። በሳምንቱ ገበያ ላይ አንዲት ነጠላ ያደረጉ እናት ቀረብ አሉኝ። አልጮኹም። «ወንድሜ፣ ጎሉ በእሱ ጥፋት ገባ ቢሉ እውነት ነው፣ እቀበል ነበር። አይመጥንም ያሉት ግን በአንድ ኳስ በምን አወቁት? ልጄ ሦስት ቀን ከቤት አልወጣም» አሉኝ። መልስ አልነበረኝም። በሚቀጥለው ስርጭት ስሙን ጠርቼ ይቅርታ ጠየቅሁ፤ ነገር ግን የመጀመሪያውን የሰማ ሁሉ ሁለተኛውን አልሰማም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስለ ኳሱ እናገራለሁ እንጂ ስለ ሰውየው አልፈርድም። «ኳሱን አሳጠረው፤ አጥቂው ከኋላው መኖሩን አላየም።» ይህ ይበቃል። እንዲያውም ተጫውቶ ያለፈ ሰው ከሌላው የሚበልጠው እዚህ ነው፤ ተከላካይ በ80ኛው ደቂቃ እግሩ ሲዝል ዓይኑም እንደሚዝል ያውቃል፤ ለአድማጩ ለምን እንደተሳሳተ ሊነግረው ይችላል።

የቀድሞ ጓደኞቻችሁም ይደውሉላችኋል። «ስለ እኛ ክለብ ለስለስ አድርገው» የሚል ይኖራል፤ ምሳ የሚጋብዝ ይኖራል። ምሳውን በራሳችሁ ገንዘብ ብሉ።

ለሁለቱ ልጆች መንገድ ላይ ልሰጣቸው ይገባ የነበረው መልስ ይህ ነው። ቅዳሜ ጠዋት የሰፈር ልጆች ወደሚጫወቱበት ሜዳ ሂዱ። ከመስመሩ ውጪ ቆማችሁ አሥር ደቂቃ ብቻ በስልካችሁ እየቀዳችሁ ጨዋታውን አስተላልፉ። የልጆቹን ስም አስቀድማችሁ ጠይቁ፤ ስማቸውን በትክክል ጥሩ። ከዚያ ቤት ግቡና ሜዳ ሄደው ለማያውቁት አያታችሁ አሰሟቸው፤ ቡና እያፈሉ ቢሆን ደግሞ ይሻላል። መሐል ላይ ቅጂውን ድንገት አቁሙትና ኳሱ አሁን ማን ጋር እንዳለ፣ የትኛው ጎል አጠገብ እንደደረሰ ጠይቋቸው። ካላወቁ በሚቀጥለው ቅዳሜ ተመለሱ።