መብራትሽ ተቆርጦ «ከቆጣሪ ውጭ ተጠቅመሻል» ከተባልሽ

እህቴ፣ ጥያቄሽን አይቼ ማለፍ አልቻልኩም። ደንበጫ ላይ በተከራየሽው ቤት እንጀራ እየጋገርሽ ትሸጫለሽ። የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ አገልግሎት ሠራተኞች መጥተው «የቆጣሪው ማኅተም ተበጥሷል፣ ከቆጣሪ ውጭ መሥመር ተስቧል» ብለው ቆርጠው ሄዱ። አሁን የስድስት ወር ሒሳብ ክፈሉ ተብላችኋል። ቆጣሪው በአከራይሽ ስም ነው። ጎረቤትሽ ደግሞ ለጊዜው ከእኔ ቤት ቀጥዪ ብላሻለች። ልክፈል ወይስ ልክሰስ ነው ያልሽው። እኔ ጠበቃ አይደለሁም። ግን የአባቴ ወፍጮ ቤት ፍኖተ ሰላም ላይ በተመሳሳይ ክስ ተቆርጦበት ክርክሩን ከመጀመሪያው እስከ ፍርዱ የተከታተልኩት እኔ ነኝ።

የጎረቤትሽን መሥመር እሺ እንዳትዪ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1129 ኤሌክትሪክ እንደ ተንቀሳቃሽ ዕቃ ነው የሚቆጠረው፤ ያለ ድርጅቱ ፈቃድ መውሰዱ ደግሞ በወንጀል ያስጠይቃል። አሁን በእጅሽ ያለው የሒሳብ ክርክር ነው። ሽቦ ካስቀጠልሽ ግን ፖሊስና ዐቃቤ ሕግ ይገቡበታል፣ ደግ ያሰበችው ጎረቤትሽም አብራሽ ትጠየቃለች።

ቀጥሎ በተቆረጠበት ቀን የተጻፈውን ቃለ ጉባኤ ጠይቂ። ነገሩ ሁሉ እሱ ላይ ነው። ማን ተገኘ? የቀበሌ ሰው ወይም ሌላ ምስክር ፈርሟል? ተሳበ የተባለው ሽቦ ከየት ወደ የት እንደሄደ ተጽፏል? የቆጣሪው ንባብ ስንት ነበር? ቆጣሪውን ነቅለው ከወሰዱት በማን እጅ እንዳለ በጽሑፍ ይሰጥሽ። በእኛ ጉዳይ ቃለ ጉባኤው ላይ የፈረሙት የቅርንጫፉ ሠራተኞች ብቻ ነበሩ፤ አባቴ በዚያ ሰዓት ገበያ ነበር። ዳኛው ይህን ደጋግመው ጠየቁ።

አሁን ወደ ገንዘቡ እንምጣ፣ ሰው የሚጎዳው እዚህ ጋ ነውና። እንዲህ ዓይነት ሒሳብ የሚሠራው የዕቃው ጉልበት በሰዓት፣ ከዚያ በቀን፣ ከዚያ በወር እየተባዛ ነው። አንድ የኤሌክትሪክ ምጣድ 3.5 ኪሎዋት አካባቢ ይስባል። በቀን 6 ሰዓት ከጋገርሽ 21 ኪሎዋት ሰዓት ትጠቀሚያለሽ። ቀንና ሌሊት ሲጋገር እንደከረመ አድርገው ካሰሉት ግን 84 ይሆናል፣ አራት እጥፍ! የእኛም ወፍጮ ክረምት ከበጋ ያለ ዕረፍት እንደፈጨ ተደርጎ ነበር የተሰላው። ክረምት ላይ እህል ከገበሬው ጎተራ ሲያልቅ ወፍጮ ቤት ምን ያህል እንደሚቀዘቅዝ ጎጃም የኖረ ሰው ያውቃል። ስለዚህ ስሌቱን ዘርዝረው በጽሑፍ እንዲሰጡሽ በማመልከቻ ጠይቂና ቅጂው ላይ ቀንና የመዝገብ ቁጥር አስመቺበት። ለምን ስድስት ወር? ለምን ሁለት አይደለም? «በዚህ ቀን ተጀመረ» የሚለውን ማስረዳት ያለበት ገንዘብ የሚጠይቀው ወገን ነው። የድሮ ደረሰኞችሽንም በሙሉ ሰብስቢ፤ ተሰረቀ በተባለው ጊዜ ፍጆታሽ እንደ ወትሮው ከሆነ ጠንካራ መከራከሪያ ነው።

ክሱን በተመለከተ፣ ውሉ ያለው በአከራይሽና በድርጅቱ መካከል ነው። ብቻሽን ከከሰስሽ «ምን አገባሽ» የሚል መቃወሚያ ይመጣብሻል። ወይ አብራችሁ ክሰሱ፣ ወይ አከራይሽ ይክሰስ። ወረዳ ፍርድ ቤት ሄደሽም ጊዜ አታጥፊ። ተከሳሹ የፌዴራል ድርጅት ነው፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤትን ሥልጣን ክልል ላይ በውክልና የሚይዘው የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ለአንቺ እንግዲህ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ያለበት ፍኖተ ሰላም መምጣት ነው።

ከክሱ ጋር የእግድ ማመልከቻ፣ ማለትም ክርክሩ እስኪያልቅ ጊዜያዊ ትእዛዝ ይሰጥልኝ የሚል ጥያቄ፣ በቃለ መሐላ አስደግፈሽ አስገቢ። በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 154 እና 155 ይጠቀሳሉ። እውነቱን ልንገርሽ፣ ሊቆረጥ ነው ብሎ ማሳገድ ይቀላል፤ አንዴ ከተቆረጠ በኋላ ክርክሩ ሳያልቅ ይቀጠልልኝ ማለት ይከብዳል። ዳኛው ዋስትና አስይዢ ሊልሽም ይችላል። ሥራሽ ቆሞ ልጆች የምታሳድጊ ከሆነ የማያከራክረውን ያህል ከፍለሽ ቀሪውን «መከራከር መብቴ ተጠብቆ» ብለሽ በጽሑፍ ማሳወቅ ለእኔ የተሻለው መንገድ ነው። ምንም ሳትጽፊ ዝም ብለሽ ከከፈልሽ ግን አምነሻል ይሉሻል።

የእኛ ፍርድ ምን ሆነ መሰለሽ፣ ማኅተሙ መበጠሱን ፍርድ ቤቱ ተቀበለ። የተጠየቀው ጊዜ ግን አልተረጋገጠም ብሎ ገንዘቡን በጣም ቀነሰው፣ መብራቱም እንዲቀጠል አዘዘ። ሥራ ለፈታንበት ጊዜ የጠየቅነውን ካሳ ሳይፈቅድልን ቀረ። አባቴ ያኔ ደረጃ ሐ፣ ማለትም አነስተኛ ግብር ከፋይ ስለነበር የሒሳብ መዝገብ አይዝም ነበር፤ ገቢያችንን በቃል ብቻ ማስረዳት አልቻልንም። ይህ እስካሁን ያንገበግበኛል። አንቺ እንጀራ የምታስረክቢያቸው ሆቴሎች ካሉ ከአሁኑ የጽሑፍ ማስረጃ አጽፊያቸው፣ ለምስክርነትም ስማቸውን ያዢ።

አንድ ነገር ልጨምር። በወንጀል ተከሰሽ ነፃ ብትወጪ እንኳ የገንዘቡ ጥያቄ አብሮ ይወድቃል ብለሽ እንዳትዘናጊ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2149 የወንጀል ችሎት ነፃ ማለቱ የፍትሐ ብሔሩን ዳኛ አያስረውም። በፍርዱ ካልተስማማሽ ደግሞ ይግባኝ የሚባለው በ60 ቀን ውስጥ ነው።

ቃለ ጉባኤውን ካገኘሽ ስምሽንና የቆጣሪ ቁጥርሽን ሸፍነሽ ፎቶውን እዚህ ለጥፊው፣ አይቼ ምን እንደጎደለው እነግርሻለሁ።