የአንባቢያን ጥያቄዎች፦ ግድግዳ ላይ የተለጠፈ ጥበብ

በዚህ ወር ከደረሱኝ ደብዳቤዎች መካከል ሦስቱ፣ ጸሐፊዎቻቸው የተመካከሩ ይመስል፣ የሚጠይቁት ስለ አንድ ጉዳይ ነው፤ ስለ ቀደምት ጸሐፊዎችና አሳቢዎች አባባል። ሦስቱም የተላኩት ከሐዋሳ ነው። እኔም ታሪክ ሳስተምር የኖርኩት፣ ጡረታ የወጣሁትም እዚሁ ሐዋሳ ስለሆነ አንድ ላይ ልመልሳቸው።

ጥያቄ፦ መምህር፣ በአንድ ሆስፒታል የአዋቂዎች ክፍል ውስጥ ነርስ ነኝ። ከተረኞች ጠረጴዛ በላይ አንድ የቀድሞ ባልደረባችን በሰማያዊ እስክሪብቶ የጻፈው ወረቀት በቁስል ፕላስተር ተለጥፏል። «ሕይወት አጭር ናት፤ ጥበብ ግን ረጅም ናት፤ ሂፖክራተስ» ይላል። በቅርቡ አንዲት አስታማሚ እናት አነበቡትና «ልጄ፣ ይኸ ለማን ነው የተጻፈው?» ብለው ጠየቁኝ። መልስ አጣሁ። የታመመ ሰው በተኛበት ክፍል ሕይወት አጭር ናት ብሎ መለጠፍ ጭካኔ መሰለኝ። ላንሳው ወይስ ልተወው?

መልስ፦ እህቴ፣ ለእኚያ እናት መልስ አለዎት። የተጻፈው ለሕመምተኛው ሳይሆን ለእርስዎ ነው።

ሂፖክራተስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛውና በ4ኛው መቶ ዘመን የኖረ፣ በኮስ ደሴት የተወለደ ግሪካዊ ሐኪም ነው። ይህ ቃል በእርሱ ስም ከሚጠሩት የሕክምና ጽሑፎች በአንዱ፣ በአጫጭር ብሂሎች በተዘጋጀው መጽሐፍ፣ የመጀመሪያው መስመር ላይ ይገኛል። ረጅም የተባለችው ጥበብ የሐኪሙ የራሱ ሙያ ናት። አንድ ሰው ዕድሜውን ሙሉ ቢማራት አይጨርሳትም።

ባልደረባችሁ የገለበጠው የነገሩን ራስ ብቻ ነው። ሂፖክራተስ እዚያ ላይ አላቆመም። ምቹ ጊዜ ፈጥኖ ያመልጣል፣ ልምድ ያታልላል፣ ፍርድ መስጠት ከባድ ነው ይላል። ቀጥሎም ሐኪሙ የራሱን ግዴታ መፈጸሙ ብቻ እንደማይበቃ፣ ሕመምተኛውና አስታማሚዎቹ፣ በዙሪያው ያለውም ነገር ሁሉ አብረውት እንዲሠሩ ማድረግ እንዳለበት ይናገራል።

አስታማሚዎቹ ይላል! ይህን ባነበብኩ ቁጥር ታላቅ ወንድሜን ያስታመምኩበት ክፍል ፊቴ ላይ ይመጣል። አልጋው አጠገብ ካርቶን አንጥፌ ነበር የማድረው። የሌሊቷ ተረኛ ነርስ የመድኃኒቱን ማሸጊያ በጥንቃቄ ቀድዳ ዘረጋችና በውስጠኛው ነጭ ገጽ ላይ የየመድኃኒቱን ሰዓት በእኛ አቆጣጠር ጻፈችልኝ። ከምግብ በፊት የሚወሰደውን ከሥሩ አሰመረችበት። ከዚያም «እስቲ መልሰው ያንብቡልኝ» አለችና ጨርሼ እስካነብ ድረስ ትሪውን ይዛ ቆማ ጠበቀችኝ። ስለ መድኃኒት የማላውቀውን ሰውዬ የሕክምናው ተካፋይ ያደረገችኝ እርስዋ ናት። ሂፖክራተስ ሐኪሙ ላይ የጣለው ግዴታ ይኸው ነው። የሐዋሳ ነርሶች ሌሊቱን ሙሉ ሲፈጽሙት ያድራሉ።

ስለዚህ ወረቀቱን አያንሱት፤ ይሙሉት። «ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» ይባል የለ? የቀረውን ከሥሩ ይጻፉበት፤ «አስታማሚዎች» የምትለዋን ቃል ደግሞ ጎላ አድርገው ይጻፏት። እኚያ እናት ተመልሰው ቢመጡ የእርሳቸውም ቦታ እዚያ ውስጥ እንዳለ ያያሉ።

አንድ ነገር ልጨምርልዎት። ቃሉን የጥንት ሰዎችም ቢሆኑ ሁሉም አሜን ብለው አልተቀበሉትም። ሮማዊው ፈላስፋ ሴኔካ ስለ ሕይወት አጭርነት ለጳውሊኖስ በጻፈው ድርሳን ገና ከመነሻው ይህንኑ የሂፖክራተስን ቃል ያነሳና ይሞግተዋል። ጳውሊኖስ የሮም ከተማን የእህል አቅርቦት ይቆጣጠር የነበረ ባለሥልጣን ነው። ሴኔካ የተሰጠን ጊዜ አጭር አይደለም፣ የምናባክነው እኛው ነን ይለዋል። ሰው የመሬቱን ድንበር የገፋበትን በድንጋይና በጦር ይጋፈጣል፤ ሕይወቱ ውስጥ ገብቶ ዕድሜውን የሚሻማውን ግን ዝም ይለዋል ብሎም ያዝናል። ድንቅ አነጋገር ነው፤ የድንበር ክርክር ያየ ኢትዮጵያዊ ሁሉ ይገባዋል። በዚህ ሙግት ግን እኔ የምቆመው ከሐኪሙ ጎን ነው። ሴኔካ የሚመክረው ጊዜያቸው በግብዣና በደጅ ጥናት የሚያልቅባቸውን የሮም ታላላቅ ሰዎች ነው። ለሌሊት ተረኛ ነርስ ሕይወት በእውነት አጭር ናት፤ ሥራዋ ግን አያልቅም።

ጥያቄ፦ የ10ኛ ክፍል ተማሪ የሆነችው ልጄ ደብተር ገዝታ የፈላስፎችን አባባል ትገለብጣለች፤ ደብተሩ ሊሞላ ነው። ታናሽ ወንድሟ «የሞቱ ሰዎች ወሬ» እያለ ያበሽቃታል። እኔ ሱቅ ውስጥ ገበያ ሲቀዘቅዝ ገልጬ አነብላታለሁ፤ ደስ ይለኛል። ነገር ግን ከትምህርቷ እንዳያዘናጋት እሰጋለሁ። ምን ይመክሩኛል?

መልስ፦ ጌታዬ፣ እንዳያስቆሟት። ልጅዎ የያዘችው ሥራ በአገራችን ረጅም ዕድሜ ያለው ነው። በ16ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ አባ ሚካኤል የተባሉ ሊቅ የፈላስፎችን አባባል የያዘ መጽሐፍ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ መልሰዋል፤ «መጽሐፈ ፈላስፋ» ይባላል። ሥሩ ከተመዘዘባቸው ስብስቦች አንዱን ያዘጋጀው በ9ኛው መቶ ዘመን በባግዳድ የኖረው ክርስቲያን ሐኪምና ተርጓሚ ሁነይን ኢብን ኢስሐቅ ነው። የሂፖክራተስን መጻሕፍት ወደ ዐረብኛ ከመለሱት አንዱም እርሱ ነው። የግእዙን መጽሐፍ በዘመናችን ያጠኑትና ወደ እንግሊዝኛ የተረጎሙት በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ያስተማሩት ካናዳዊው ፕሮፌሰር ክላውድ ሰምነር ናቸው። በአገራችን ማተሚያ ቤት ከመቋቋሙ በፊት የሶቅራጥስን ስም ብራና ላይ በብርዕ የጻፉ እጆች ነበሩ ማለት ነው።

ስጋትዎ ግን መሠረት አለው። ሴኔካ ሉሲሊየስ ለሚባለው ወዳጁ የላካቸው 124 ደብዳቤዎች ዛሬም ይነበባሉ። በመጀመሪያዎቹ ደብዳቤዎች መጨረሻ ላይ ጥሩ ጥሩ አባባሎችን፣ ያውም የሌላ ወገን ፈላስፋ ከሆነው ከኤፒኩሮስ እየወሰደ፣ ይልክለት ነበር። ሉሲሊየስ ይህን ለመደና እንዲቀጥልለት ጠየቀ። በ33ኛው ደብዳቤ ሴኔካ እምቢ አለው። ልጆች አባባል ቢያጠኑ መልካም ነው፤ በዕድሜ የገፋ ሰው ጥበቡ ከማስታወሻ ደብተር ብቻ ሲሆን ግን አሳፋሪ ነው አለ። «ይህን ዜኖን ብሏል፤ አንተስ?» ሲል ይጠይቃል፤ ዜኖን ሴኔካ የሚከተለው የፍልስፍና ወገን መሥራች ነው።

10ኛ ክፍል ለዚህ ጥያቄ አያንስም። ልጅዎ በግራው ገጽ አባባሉን ትጻፍ፤ በቀኙ ገጽ የራሷን መልስ፣ መስማማቷንም መቃወሟንም፣ ካየችው ነገር ተነስታ ትጻፍ። ለምሳሌ በባርነት ተወልዶ የፍልስፍና መምህር የሆነው ኤፒክቴተስ ሰውን የሚያውከው የደረሰበት ነገር ሳይሆን ስለ ነገሩ ያለው አስተሳሰብ ነው ይላል። ከቃሉ ጋር ሐይቁ ዳር ወዳለው የዓሣ ገበያ፣ ወደ አሞራ ገደል፣ ይውሰዷት። ቢላዋ ይዘው ዓሣ ሲያጸዱ የሚውሉት ወጣቶች ዓሣ በጠፋበት ቀን ይህን ቢሰሙ ምን ይሉ ይሆን? ይስማማሉ ወይስ ይቆጣሉ? በቀኙ ገጽ ላይ ያንን ትጻፍ። ወንድሟም መቃወም ከፈለገ በዚያው ገጽ ይጻፍ፤ ደብተሩ ይበቃቸዋል። ከትምህርቷ ያዘናጋታል ያሉት ግን አይታየኝም፤ እንዲህ የጻፈች ልጅ ድርሰት ጻፊ ስትባል አትቸገርም።

ጥያቄ፦ መምህር፣ ቀን ባጃጅ እየነዳሁ ማታ ሕግ እማራለሁ። የኋላ መስታወቴ ላይ «በምትናገረው አልስማማም፤ ለመናገር መብትህ ግን እስከ ሞት ድረስ እቆማለሁ፤ ቮልቴር» የሚል አስለጥፌያለሁ። ከመናኸሪያ የጫንኩት አንድ ተሳፋሪ ይህን ቮልቴር አላለውም አለኝ። እውነት ነው?

መልስ፦ ልጄ፣ ተሳፋሪህ እውነቱን ነው። ፈረንሳዊው ጸሐፊ ቮልቴር የሞተው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1778 ነው። ዓረፍተ ነገሩ የተጻፈው በ1906 ሲሆን፣ ጸሐፊዋ ስለ ቮልቴርና ስለ ወዳጆቹ መጽሐፍ ያዘጋጀችው እንግሊዛዊት ኢቭሊን ቢያትሪስ ሆል ናት፤ መጽሐፉን ያሳተመችው በብዕር ስም ነው። ሄልቬሺየስ የተባለ ፈረንሳዊ በ1758 ያሳተመው መጽሐፍ ተወግዞ በአደባባይ ተቃጥሎ ነበር። ቮልቴር መጽሐፉን ባይወደውም በደራሲው ላይ የደረሰውን ማሳደድ አልደገፈም። ሆል ይህን አቋሙን በራሷ ቃል ገለጸችው፤ በትምህርተ ጥቅስ ስላስገባችው አንባቢ የእርሱ ቃል አደረገው።

ዐሳቡ መልካም ነው፤ ከቮልቴር አቋምም የራቀ አይደለም፤ መስታወትህ ላይ ይኑር። ነገ ጠበቃ ስትሆን ግን የአንዱን ምስክር ቃል በሌላው ስም አታስመዘግብም። ፊደሎቹን የለጠፈልህ ሰው የመጨረሻዋን ቃል ብቻ ለይቶ ሊያነሳት ይችላል። በቦታዋ «ኢቭሊን ቢያትሪስ ሆል፣ 1906» ብለህ አስለጥፍ። መስታወቱ ካልበቃ «ሆል» ብቻ ይበቃል።