«በድሮ ቴሌቪዥን የምሠራው ትርኢት እንጀራ ይሆነኛል?»

ጠያቂያችን የቲያትር ጥበባት የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ናት። የምትኖረው ኮዬ ፈጨ ኮንዶሚኒየም ነው። ከቆራሌው የገዛቻቸውን የድሮ ቴሌቪዥኖች ደርድራ፣ መሀላቸው እየተወነች ቪዲዮ ትሠራለች። ኤዲቲንጉንም ራሷ ነች የምትሠራው። እናቷ «ይሄ ደግሞ ምን የሚሉት ሥራ ነው?» ይሏታል። እሷም «እንጀራ ይሆነኛል ወይስ ልተወው?» ብላ ጽፋልናለች።

እህቴ፣ አትተዪው። ግን ለጊዜው እንጀራሽን ከእሱ አትጠብቂ።

ሻርሎት ሙርማን የምትባል አሜሪካዊት ቼሎ ተጫዋች ነበረች። ቼሎ ተቀምጠው አቅፈው በደጋን የሚጫወቱት፣ ትልቅ ቫዮሊን የሚመስል የክር መሣሪያ ነው። አብሯት የሠራው የኮሪያ ተወላጁ የቪዲዮ አርቲስት ናም ጁን ፓይክ ስሙ ሲገን፣ እሷን የሚያነሳት ጥቂት ነው። እ.ኤ.አ. በ1971 ፓይክ ሦስት ቴሌቪዥኖችን በቼሎ ቅርጽ ደራረበላት። ከላይና ከታች ተለቅ ያሉ፣ መሀል ላይ ትንሽ። ክር ተወጠረበት። እሷ እንደ ቼሎ አቅፋ በደጋን ስትገዘግዘው፣ ካሜራው የሚቀርጸው የራሷ ምስል እዚያው ስክሪኑ ላይ ይመጣል። ድምፁ የለመድነው የቼሎ ዜማ አይደለም፤ በኤሌክትሪክ የጎላ ጩኸት ነው። ያየ ሰው ቢስቅም አይፈረድበትም።

ሙርማን ግን ዝም ብላ የገባችበት አይደለም። ጁሊያርድ በሚባለው የኒው ዮርክ የሙዚቃ ትምህርት ቤት የተማረች፣ በአሜሪካን ሲምፎኒ ኦርኬስትራ የተጫወተች ባለሙያ ናት። ቴሌቪዥኑን የፈታታው ፓይክ ነው፤ ደጋኑን የያዘው እጅ የእሷ ነው። መድረክ እስኪሰጣትም አልጠበቀችም። እ.ኤ.አ. ከ1963 ጀምሮ ኒው ዮርክ ውስጥ የአቫንት ጋርድ (ከተለመደው የወጣ፣ የሙከራ ጥበብ) ፌስቲቫል ታዘጋጅ ነበር።

እሷ ለሙከራዋ መሠረት የሆናት የቼሎ ሙያዋ ነው፤ ያንቺ ቼሎ ደግሞ ኤዲቲንግሽ ነው። ሥራ ስታመለክቺ «የሙከራ ቴሌቪዥን ተዋናይ» ብለሽ አትጻፊ፤ ቀጣሪው ግራ ይገባዋል። «ኤዲተር» በይ፣ ትወናውን ከሥር ጨምሪው። የሠርግ ቪዲዮም ቢሆን አትናቂ። ጥር ሲደርስ ስቱዲዮዎች ሥራ ይበዛባቸዋል፣ ከወዲሁ ዞር ዞር ብለሽ ጠይቂ። እናትሽም ከማብራሪያሽ ይልቅ ደመወዙን ቢያዩ ይሻላል ባይ ነኝ።

ትርኢትሽን ደግሞ በአንድ ቋሚ ካሜራ ከጫፍ እስከ ጫፍ ቅረጪው። ከዚያ ሦስት ደቂቃ የሚሆን አጭር ቅጂ አውጪለት። ሰዓሊና የቪዲዮ አርቲስት ዕዝራ ውቤ የመሠረተው አዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫል እንዲህ ዓይነት ሥራዎችን አደባባይ ድረስ አውጥቶ አሳይቷል፤ ጥሪ ሲያወጣ ተከታተዪ። ጎተ ኢንስቲትዩትና አሊያንስ ኢትዮ-ፍራንሴዝም ኤግዚቢሽን ሲኖር ብቅ በይ። ከኮዬ ፈጨ መሀል ከተማ ድረስ የታክሲ ሰልፉ እንደሚያማርር አውቃለሁ። ቢሆንም የሙያ አጋሮችሽን የምታገኚው እዚያ ነው።

አንድ ነገር ልጨምር። የቴሌቪዥኑን ጀርባ ራስሽ አትክፈቺ፣ አደራ! የድሮ ቴሌቪዥን የምስል ቱቦ ከሶኬት ተነቅሎም ኃይለኛ ኤሌክትሪክ ይዞ ሊቆይ ይችላል። ሰፈርሽ ያለ ቴሌቪዥን ጠጋኝ ፈልጊ፣ ዋጋውንም ሥራው ሳይጀመር ተነጋገሪ።